የአንባቢያን ጥያቄ፦ ዳኒ ኬይ በየትኛው ቋንቋ ነበር የሚያስቀው?

ጥያቄ፦ «የተከበራችሁ የዓምዱ አዘጋጆች፤ የምኖረው የካ አባዶ ኮንዶሚኒየም ነው። ጡረታ የወጡት አባቴ ወደ እኛ ከመጡ ወዲህ በየእሑዱ ከምሳ በኋላ ልጆቼን ግራና ቀኝ አስቀምጠው በስልክ የጥንት ፊልሞችን ማየት ልማድ አድርገዋል። ልጆቹ ደጋግመው የሚያስከፍቷቸው ዳኒ ኬይ የሚባለውን ቀጭን አሜሪካዊ ነው። ትልቁ ልጄ አራተኛ ክፍል ነው፤ ትንሿ ገና አንደኛ ክፍል ናት። ሁለቱም የሚናገረውን እንግሊዝኛ አይከታተሉም፤ ሆኖም ሆዳቸውን ይዘው ይስቃሉ። ሰሞኑን መብራት ጠፍቶ በጨለማ ተቀምጠን ሳለን አባቴ የስልካቸውን ባትሪ ከአገጫቸው ሥር አብርተው፣ እሱን መስለው ትርጉም የሌለው ነገር በፍጥነት ቢያነበንቡ ትንሿ በሣቅ ከሶፋው ወደቀች። አባቴ ሰውዬው ሩሲያኛም ፈረንሳይኛም ጀርመንኛም አቀላጥፎ ይናገር ነበር ይላሉ፤ ለእኔ ግን ቃላቱ እውነተኛ አይመስሉኝም። ሰውዬው ማን ነበር? ቋንቋዎቹን በእርግጥ ያውቅ ነበር? የሚለውንስ እዚያው መድረክ ላይ ይፈጥረዋል ወይስ ይጻፍለታል?»

መልስ፦ መካከለኛውን ጥያቄ አስቀድመን እንመልስ። ከአባትዎ ጋር በያዛችሁት ክርክር የረቱት እርስዎ ነዎት። ዳኒ ኬይ ሩሲያኛ ወይም ጀርመንኛ እያስመሰለ የሚያዥጎደጉደው ነገር አብዛኛው ቃል ሳይሆን ድምፅ ነው። አባትዎም ቢሆኑ ፈጽሞ አልተሳሳቱም፤ ሰውዬው ቋንቋዎቹን ባያውቃቸውም ዜማቸውን ለይቶ የሚያውቅ ጆሮ ነበረው፤ ይህንንም ጆሮ ያገኘው በብዙ ውጣ ውረድ ነው።

ትክክለኛ ስሙ ዴቪድ ዳንኤል ካሚንስኪ ይባላል። የተወለደው ኒው ዮርክ ከተማ ብሩክሊን ውስጥ ጃንዋሪ 18 ቀን 1911 ሲሆን፣ በእኛ አቆጣጠር ጥር 10 ቀን 1903 ዓ.ም.፣ የከተራ ዕለት መሆኑ ነው። (ከዚህ በኋላ የምንጠቅሳቸው ዓመታት የፈረንጆቹ ናቸው።) እሱ ራሱ የትውልድ ዘመኑን 1913 እያለ ይናገር ስለነበር በአንዳንድ ጽሑፎች ሁለት ዓመት ተቀንሶለት ይገኛል። ወላጆቹ ዛሬ ዩክሬን ውስጥ ዲኒፕሮ ከምትባለው ከተማ ሁለት ወንዶች ልጆቻቸውን ይዘው የተሰደዱ አይሁዶች ነበሩ፤ አሜሪካ ውስጥ የተወለደላቸው እሱ ብቻ ነው። እናቱ በልጅነቱ ሞተችበት፣ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርቱንም ሳይጨርስ ተወው።

ከዚያ በኋላ የተቀጠረበት ሁሉ አልበረከተለትም። ለስላሳ መጠጥ ቀድቷል፤ ኢንሹራንስ ኩባንያ ውስጥ ገብቶ በሠራው ስህተት ኩባንያውን 40,000 ዶላር በማሳጣቱ ተባሯል። ለእኛ ግን ከሁሉ የምትጥመን የጥርስ ሐኪሙ ታሪክ ናት። ሳሙኤል ፋይን የሚባል ሐኪም በምሳ ሰዓት ክሊኒኩን እንዲጠብቅለት ወጣቱን ይቀጥረዋል። አንድ ቀን ከምሳ ሲመለስ ልጁ የጥርስ መሰርሰሪያውን አንሥቶ የቢሮውን እንጨት ሲበሳሳ ይደርስበትና ያባርረዋል። ከዓመታት በኋላ ይኸው የተባረረ ልጅ የሐኪሙን ልጅ አግብቶ አማቹ ሆነ፤ ስለ ልጅቷ ወደ ኋላ እናነሣለን።

ሙያውን የጀመረው ከኒው ዮርክ በስተሰሜን በሚገኙት የካትስኪል ተራሮች በነበሩ የመዝናኛ ሆቴሎች ነው። የከተማው አይሁዶች የበጋውን ሙቀት ሸሽተው ለሳምንታት የሚቀመጡባቸው በመሆናቸው፣ ባለሆቴሎቹ እንግዳው እንዳይሰለች ከቁርስ እስከ እኩለ ሌሊት የሚያጫውት ሰው ይቀጥሩ ነበር። አጫዋቹ ይዘፍናል፣ ይጨፍራል፣ አስተናጋጁን መስሎ ሰሃን ይጥላል፣ ዝናብ ከዘነበ ደግሞ ሰው ሻንጣውን ሸክፎ ከመሄዱ በፊት የሆነ ነገር መፍጠር አለበት። በ1933 ከአንድ የጭፈራ ቡድን ጋር ሲቀላቀል «ዳኒ ኬይ» የሚለውን ስም ያዘ፤ በተከታዩ ዓመት በፌብሩዋሪ ወር ከአንድ ተጓዥ ትርኢት ጋር ወደ እስያ ተሻገረ።

የልጆችዎ ሣቅ ምንጭ ያለው በዚህ ጉዞ ነው። ከተመልካቹ አብዛኛው እንግሊዝኛ አይሰማም። ቀልዱን ቢናገረው የሚስቅለት የለም፤ ስለዚህ ፊቱን፣ እጁንና የድምፁን አወጣጥ ብቻ ይዞ ቀረ። ቻይና ውስጥ ምግብ ቤት ገብቶ ዶሮ ማዘዝ ቢቸግረው ክንፉን እያራገበ እንደ ዶሮ ተንጫጫ፤ አስተናጋጁ ገብቶት ሄደና ሁለት እንቁላል ይዞለት መጣ። ጃፓን፣ ኦሳካ ከተማ በገቡ ጊዜ ደግሞ ከባድ አውሎ ነፋስ ተነሣ። ማታ ተመልካቹ በፍርሃት እንደተወጠረ ተቀምጦ ሳለ መብራት ጠፋ። ዳኒ ኬይ የእጅ ባትሪ ይዞ ወደ መድረኩ ወጣ፣ ብርሃኑን በገዛ ፊቱ ላይ አበራ፣ የሚያስታውሰውንም ዘፈን ሁሉ ባለ በሌለ ድምፁ ዘፈነ። አባትዎ ይህን ታሪክ ሰምተውት ይሆን ወይስ የየካ አባዶ ጨለማ ራሱ አስተማራቸው? ስንገምት ሁለተኛው ነው፤ ያም ሆነ ይህ ትንሿ ልጅዎ ከሶፋው የወደቀችው በዚያው ዘዴ ነው።

ዘዴው እንዴት እንደሚሠራ ጥቂት እንበል። እያንዳንዱ ቋንቋ፣ ትርጉሙን ብንተወው እንኳ፣ የራሱ የድምፅ ክምችት፣ የራሱ አረጋገጥና የራሱ የፊት ገጽታ አለው። አማርኛ የማያውቅ ሰው አማርኛ ሊያስመስል ሲሞክር ሰምተው ከሆነ ቀ፣ ጠ እና ጨን ያለ ልክ እንደሚያበዛ፣ ዓረፍተ ነገሩንም ሁሉ «ናል» ወይም «አለሁ» በሚመስል ድምፅ እንደሚዘጋ አስተውለዋል። አንድም ቃል አልተናገረም፤ እኛ ግን «ይሄስ የእኛ ነው» ብለን እንስቃለን። ዳኒ ኬይ ያደረገው ይህንኑ ነው። ከሩሲያኛ፣ ከፈረንሳይኛና ከጀርመንኛ ጎልቶ የሚሰማውን ድምፅ መርጦ ወስዶ፣ ከቋንቋው ጋር የሚሄደውን የትከሻና የቅንድብ እንቅስቃሴ ጨምሮበት፣ በመሃል አንድ ሁለት እውነተኛ ቃል ጣል ያደርግበታል። የእነዚያ ጥቂት ቃላት እውነተኛነት ሌላውን ሁሉ እውነት ያስመስለዋል። አንደኛ ክፍል ያለች ልጅ እንግሊዝኛውንም ሩሲያኛውንም እኩል ስለማትሰማ ሁለቱም ለእርሷ አንድ ዓይነት ዜማ ናቸው፤ እንዲያውም ቃሉን ለመረዳት ከሚታገለው ከእኛ ከአዋቂዎቹ ይልቅ እርሷ ለቀልዱ ቅርብ ናት።

አሁን ወደ ሦስተኛው ጥያቄ፣ ይጻፍለት ነበር ወይስ ይፈጥረው ነበር ወደሚለው እንለፍ። ሰዎች ሊያምኑ የሚከብዳቸው ይህ ነው፦ በጣም የቸኮለና ያበደ የሚመስለው የሥራው ክፍል በጣም የተጻፈውና በጣም የተጠናው ነው። የጻፈችውም በአብዛኛው ያቺ የጥርስ ሐኪሙ ልጅ ሲልቪያ ፋይን ናት። ሁለቱም ያደጉት ብሩክሊን ውስጥ በጥቂት መንገዶች ርቀት ቢሆንም የተገናኙት በ1939 ለአንድ ትርኢት አብረው ሲሠሩ ነው፤ በጃንዋሪ 1940 ተጋቡ። ሲልቪያ ፒያኖ ትጫወታለች፣ ግጥም ትጽፋለች፣ ዜማ ታወጣለች፤ ከሁሉ በላይ ግን ባሏ የትኛውን ድምፅ በየትኛው ፍጥነት ሊያወጣ እንደሚችል ታውቃለች። ግጥሙን በምላሱ ልክ ሰፍታለት ነበር ማለት ይቻላል። ትዳራቸው ሁልጊዜ የሰመረ አልነበረም፤ በ1947 ተለያይተው ተመልሰዋል። ሥራቸው ግን አልተለያየም።

በጃንዋሪ 1941፣ ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ኦሜድላ ላይ ድንበር ተሻግረው ወደ አገራቸው በገቡበት ሳምንት መሆኑ ነው፣ የኒው ዮርክ ታላላቅ ቲያትር ቤቶች በሚገኙበት በብሮድዌይ አንድ አዲስ ሙዚቃዊ ድራማ ተከፈተ። ዜማው የኩርት ቫይል፣ ግጥሙ የአይራ ገርሽዊን ነበር። ዳኒ ኬይ እዚያ ውስጥ ወደ 50 የሚጠጉ የሩሲያ የሙዚቃ ደራሲያንን ስም ከ40 ሰከንድ ባነሰ ጊዜ እየዘፈነ ይዘረዝራል። ይህ የሲልቪያ ሥራ ባይሆንም ስሙን ያስጠራው ይህ ነው። ጠያቂያችን በቤትዎ ቢሞክሩት ይገባዎታል፤ 50 የጎረቤት ስም፣ ያውም ሁሉም በ«ስኪ»ና በ«ኮቭ» የሚያልቅ ቢሆን፣ በአንድ ደቂቃ ሁለት ሦስተኛ ጊዜ ውስጥ ያለ ስህተት መጥራት ችሎታ ብቻ ሳይሆን ትንፋሽ የት እንደሚወሰድ አስቀድሞ መወሰንን ይጠይቃል። በየምሽቱ ያንኑ ትንፋሽ እዚያው ቦታ ላይ ይወስድ ነበር፤ ተመልካቹ ግን በየምሽቱ ገና አሁን የመጣለት ይመስለው ነበር።

የመጀመሪያውን ትልቅ ፊልሙን የሠራው በ1944 ለፊልም አሠሪው ለሳሙኤል ጎልድዊን ነው። ጎልድዊን የዳኒ አፍንጫ አሳስቦት በቀዶ ሕክምና እንዲስተካከል ፈልጎ ነበር፤ ዳኒ አሻፈረኝ አለ። ቀይ ጠጉሩን ወደ ወርቃማ መቀባቱን ግን ተቀበለ። ከዚያ በኋላ በየዓመቱ ማለት ይቻላል ፊልም ወጣለት፤ ሁሉንም መዘርዘር አያስፈልግም። ልጆችዎ ካላዩት «የንጉሡ አጫዋች» የሚለውን፣ በ1956 አሜሪካ ውስጥ ለእይታ የበቃውን፣ ያሳዩአቸው። ሲወጣ ወጪውን የሚመልስ ተመልካች አላገኘም፣ በ2004 ግን የአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገባ። በውስጡ ጀግናው ከአንድ ግዙፍ ባላባት ጋር ከመፋለሙ በፊት ሁለቱም መጠጥ ይቀርብላቸዋል፤ አንደኛው ጽዋ ውስጥ መርዝ አለ፤ የትኛው እንደሆነ በሚስጥር ይነገረዋል። ችግሩ ምልክቶቹ ሁሉ ተመሳሳይ ድምፅ አላቸው። ቃል በቃል ቢተረጎም ቀልዱ ይሞታል፤ በራሳችን አባባል ብንሞክረው እንዲህ ያለ ነው፦ «መርዙ ያለው ቅጠል በተሳለበት ቅል ነው፤ ደህናው ያለው ዋንዛ በተሳለበት ዋንጫ ነው።» ይህን ስንት ጊዜ ደግሞ እንደ ጸሎት ካጠና በኋላ «ዋንጫው ተሰበረ! አሁን መርዙ ዘንዶ በተሳለበት ገንቦ ነው፣ ደህናው ቅሉ ነው» ይባላል። ባላጋራውም ይህንኑ ስለሚሰማ ሁለቱ የብረት ልብስ የለበሱ ሰዎች እያጉረመረሙ፣ እየተሳሳቱና እየታረሙ ወደ ንጉሡ ፊት ይራመዳሉ። ይህን ትዕይንት የጻፉት የፊልሙ ደራሲዎችና ዳይሬክተሮች ኖርማን ፓናማና ሜልቪን ፍራንክ ናቸው፤ ሲልቪያ ዘፈኖቹን ከሳሚ ካን ጋር ጽፋለች።

ታዲያ ከራሱ ምንም አይፈጥርም ነበር ወይ? ይፈጥር ነበር፣ በተለይ ለብቻው መድረክ ሲሰጠው። በ1948 በለንደኑ ፓላዲየም ቲያትር ሲያቀርብ በመድረኩ ጫፍ ላይ ተቀምጦ እግሮቹን ወደ ታች እያንጠለጠለ ከተመልካቹ ጋር እንደ ጎረቤት ያወጋ ነበር፤ የእንግሊዝ ንጉሣዊ ቤተሰብ ለመጀመሪያ ጊዜ ከልዩ ሰገነቱ ወርዶ በፊተኛው ረድፍ ተቀምጦ አይቶታል። ነገር ግን ያው ነፃነት የሌላ ሰው ድርሰት ውስጥ ሲገባ አላማረበትም። በ1970 በብሮድዌይ በተከፈተ ስለ ኖኅ በተሠራ ሙዚቃዊ ድራማ የኖኅን ገጸ ባሕርይ ይዞ ይጫወት ነበር፤ በተከታዩ ዓመት መጀመሪያ ላይ እየተጫወተ ሳለ የእግሩ ጅማት ተበጠሰ፤ እግሩ በጄሶ ታስሮ በክራንችና በተሽከርካሪ ወንበር ተመልሶ መጣ። በዚያ ሰበብ ያልተጻፈ ቀልድ ማስገባት ጀመረ። ቲኬት የገዛው ሕዝብ ሳቀ፣ የዜማው ደራሲ ሪቻርድ ሮጀርስ ግን አልሳቀም። በእኛ አስተያየት ሮጀርስ እውነት ነበረው፤ ይህ ሰው ያለ ጥንቁቅ ጽሑፍ ሲቀር ጎበዝ አጫዋች እንጂ ዳኒ ኬይ አልነበረም።

ለአባትዎ አንድ ነገር ይንገሩልን፦ ከእኛ መካከል የሚቀርበውን ሰው ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። አባባ ተስፋዬ፣ ማለትም ተስፋዬ ሳህሉ፣ በመድረክ ተዋናይነት ኖረው ለአሥርት ዓመታት በቴሌቪዥን ለልጆች ተረት ሲነግሩ የነበሩት፣ ልጅን ዝቅ ብሎ ሳይሆን ፊት ለፊት አይቶ የማጫወት ችሎታ ነበራቸው።

ጥያቄ፦ «ሰበታ ውስጥ በአንድ ትምህርት ቤት የሚኒ ሚዲያውንና የሙዚቃ ክበቡን እመራለሁ። ዳኒ ኬይ ትልልቅ ኦርኬስትራዎችን ይመራ ነበር ሲባል ሰማሁ፤ ኖታ ማንበብ አይችልም የሚሉም አሉ። ሁለቱ እንዴት ይታረቃሉ?»

መልስ፦ ሁለቱም እውነት ናቸው። ኖታ አያነብም ነበር፤ የሚመራውን ሥራ በጆሮው እየደጋገመ ሰምቶ በቃሉ ያጠናዋል። የክበብዎ ልጆች ይህን ሰምተው ኖታ መማር እንዳይተዉ ግን ያስጠንቅቁልን፤ ዳኒ ኬይ ከፊቱ ያገኛቸው ሙዚቀኞች እያንዳንዳቸው ድርሻቸውን ያለ እሱም መጫወት የሚችሉ ነበሩ። የእሱ ድርሻ ፍጥነቱን መያዝ፣ መግቢያውን ማሳየትና ማሳቅ ነበር። የሪምስኪ ኮርሳኮቭን የንብ በረራ የሚያሰማ ፈጣን ሙዚቃ በዱላው ፈንታ በዝንብ መምቻ ይመራው እንደነበር የታወቀ ነው። (የእኛን ጭራ እንዳያስቡ፤ ያ ጠፍጣፋው የቤት ውስጥ ዝንብ መምቻ ነው። በጭራ ቢሆን ኖሮ ግርማ ሞገስ ስለሚሆን ቀልዱ ይጠፋ ነበር።) በእነዚህ ኮንሰርቶች ለሙዚቀኞች የጡረታ ፈንድ ከ5 ሚሊዮን ዶላር በላይ ገቢ ተሰብስቧል፤ አንድም ኖታ ያላነበበ ሰው ኖታ አንባቢዎቹን ጦራቸው ማለት ነው።

ጥያቄ፦ «በሱሉልታ አካባቢ በአንድ ጤና ጣቢያ የላቦራቶሪ ባለሙያ ነኝ። ለሕፃናት ይሠራ የነበረ ታዋቂ ኮሜዲያን በተሰጠው ደም ምክንያት ሞተ የሚል ነገር በሥልጠና ላይ ሰምቼ ነበር። እሱ ዳኒ ኬይ ነው? ደሙ ሳይመረመር ነው የተሰጠው?»

መልስ፦ አዎን፣ እሱ ነው። በመጀመሪያ ስለ ሕፃናቱ፦ ዳኒ ኬይ ዩኒሴፍ የሾመው የመጀመሪያው አምባሳደር ነው፤ ሹመቱ በ1954 ነበር። ነገሩ የተጠነሰሰው በ1949 ከለንደን በተነሣ አውሮፕላን ውስጥ ከድርጅቱ ዋና ዳይሬክተር ከሞሪስ ፔት ጋር በመገናኘቱ ነው። ወደ እስያ አገሮች ተጉዞ ከሕፃናት ጋር ሲጫወት የሚያሳይ አጭር ፊልም ተሠራ፤ ቋንቋቸውን የማያውቃቸውን ልጆች የሚያስቅበት መሣሪያ ያው በ1934ቱ የእስያ ጉዞ ያገኘው ነው። አውሮፕላን አብራሪም ስለነበር በ1975 በ5 ቀናት ውስጥ 65 ከተሞችን ለዩኒሴፍ በአየር አዳርሷል። ዛሬ ታዋቂ ሰው የድርጅት አምባሳደር ሲባል ብርቅ አይደለም፤ ያን ጊዜ ግን ከእሱ በፊት የሄደበት አልነበረም።

ደሙን በተመለከተ፦ በፌብሩዋሪ 1983 የልብ ደም ሥር ቀዶ ሕክምና ተደርጎለት በዚያ ጊዜ በተሰጠው ደም የጉበት በሽታ ተያዘ፤ ዛሬ ሄፓታይተስ ሲ የምንለው ነው። ይህን እንደ ቸልተኝነት መቁጠር አይቻልም። እርስዎ እንደሚያውቁት በዚያ ዘመን ለሄፓታይተስ ቢ ምርመራ ነበረ፤ ከሄፓታይተስ ኤ እና ቢ የተለየ ሌላ የጉበት በሽታ በደም እንደሚተላለፍ ሐኪሞች ያውቁ ነበር፣ አምጪው ቫይረስ ግን የታወቀው በ1989 ነው፤ ደምን ለእሱ መመርመር የተጀመረውም ከዚያ በኋላ ነው። ዳኒ ኬይ ያን ጊዜ በሕይወት አልነበረም። ማርች 3 ቀን 1987፣ በእኛ የካቲት 24 ቀን 1979 ዓ.ም.፣ ሎስ አንጀለስ ውስጥ በ76 ዓመቱ አረፈ። የልብ ድካምና የዚያው የጉበት በሽታ መዘዝ ተደራርበውበት ነበር። ሲልቪያ በ1991 ተከተለችው። ከኒው ዮርክ በስተሰሜን በሚገኘው የኬንሲኮ መካነ መቃብር በስማቸው የቆመ የድንጋይ አግዳሚ ወንበር አለ፤ በላዩም የቤዝቦል ኳስና ዱላ፣ አውሮፕላን፣ ፒያኖ፣ የአበባ ማሰሮ፣ የሙዚቃ ኖታዎችና የወጥ ቤት ሠራተኛ ቆብ ተቀርጸውበታል።